ከአሥራ አንዱ ወዲያ ያለው ላስታ

ላሊበላን ያየ ሰው ብዙ ነው፤ ላስታን ያየ ግን ጥቂት። በአውሮፕላን የሚመጣው እንግዳ ጠዋት ያርፋል፤ ከአውሮፕላን ማረፊያው ጠመዝማዛውን ዳገት ወጥቶ ከተማዋ ይገባል። ከምሳ በፊት ከቤተ መድኃኔ ዓለም እስከ ቤተ ጎልጎታ፣ ከምሳ በኋላ ከቤተ ገብርኤል እስከ ቤተ አባ ሊባኖስ ይዞራል፤ ጀንበር ስታዘቀዝቅ ቤተ ጊዮርጊስ አፋፍ ላይ ፎቶ ይነሣል። በማግስቱ ይበራል። በአውቶቡስ የሚመጣው ተሳላሚ ደግሞ ከአዲስ አበባ ተነሥቶ፣ ደሴ ወይም ወልዲያ አድሮ፣ ከጋሸና ወደ ውስጥ 64 ኪሎ ሜትር ታጥፎ ይደርሳል። ያነግሣል፣ ይሳለማል፣ ጠበልና እምነት ቋጥሮ ይመለሳል። አንዱ ዶላር፣ ሌላው ስለት ይዞ ቢመጣም በአንድ ነገር ይመሳሰላሉ፤ ከከተማዋ ጀርባ ያለውን አገር ሁለቱም በመስኮት አይተውት ያልፋሉ።

ይህ ለእንግዳው ጉድለት፣ ለላስታ ደግሞ ኪሳራ ነው። መፍትሔውም አዲስ ሆቴል ወይም አዲስ መፈክር አይደለም። ጠዋት ከላሊበላ ተነሥቶ ማታ የሚመለስ፣ አስጎብኚ ያለው፣ ማንም ሰው ለአንድ መቀመጫ ከፍሎ የሚሳፈርበት መኪና ነው።

ምን ይታያል የሚል ካለ፣ ከሰሜኑ መንገድ ይጀምር። ወደ ሰቆጣ የሚያወጣውን መንገድ ይዞ 40 ኪሎ ሜትር ያህል የተጓዘ መኪና ከአቡነ ዮሴፍ ተራራ ሥር ይቆማል። ከዚያ በእግር ነው። አቀበቱ አጭር ቢሆንም ከፍታው ከ2,600 ሜትር ስለሚያልፍ ያልለመደ ሰው ቆም እያለ ትንፋሹን ይሰበስባል። መንገዱ በጥድ ደን ውስጥ ያልፋል፤ በእነዚህ ደጋዎች እንዲህ ያለ ያገር ዛፍ የተረፈው በአብዛኛው በቤተ ክርስቲያን ዙሪያ ነው። ደኑ ሲያልቅ ሰፊ ዋሻ ይመጣል፤ በዋሻው ውስጥ የይምርሐነ ክርስቶስ ቤተ ክርስቲያን ቆሟል። እንደ ላሊበላዎቹ ከአለት አልተፈለፈለም፤ ታንጿል። አንድ ረድፍ ጥቁር እንጨት፣ አንድ ረድፍ በኖራ የነጣ ድንጋይ እየተደራረበ አክሱማውያን በሚያውቁት ስልት ተሠርቷል። አክሱም ከተዳከመች ከመቶዎች ዓመታት በኋላ ያ የግንበኝነት ጥበብ ላስታ ተራራ ውስጥ በሕይወት እንደነበረ ማስረጃው ይህ ግድግዳ ነው። ዋሻው ስለሚጨልም የእጅ ባትሪ ያልያዘ እንግዳ የጣራውን ሥዕል ሳያይ ይወጣል። ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ደግሞ የብዙ ሰዎች አፅም ተከምሯል፤ ካህናቱ ከሩቅ አገር ለመሳለም መጥተው እዚያው ያረፉ ናቸው ይላሉ።

ይምርሐነ ክርስቶስ ንግሥናን ከክህነት ጋር የያዘ የዛጉዌ ንጉሥ ነው፤ በትውፊቱም ንጉሥ ላሊበላን ይቀድማል። ስለዚህ አሥራ አንዱን የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት ብቻ አይቶ የሚመለስ ሰው ታሪኩን ከመካከል ጀምሮ ከመካከል ያቋርጠዋል። ጅማሬው በሰሜን ነው። መጨረሻው ደግሞ በሌላ አቅጣጫ፣ ከላሊበላ በስተ ደቡብ ምሥራቅ፣ ገነተ ማርያም ላይ ይገኛል።

ገነተ ማርያም ብዙ ያልተወራላት ድንቅ ናት። ዙሪያዋን በአዕማድ የተከበበች ፍልፍል ቤተ ክርስቲያን ናት፤ ውስጧ በቅዱሳን ሥዕል ተሞልቷል፤ ከሥዕሎቹ መካከል ያሠራት ንጉሥ የይኩኖ አምላክ ምስል ከነጽሑፉ አለ። ይኩኖ አምላክ እ.ኤ.አ. በ1270 የዛጉዌን መንግሥት ገልብጦ የሰሎሞናዊውን ሥርወ መንግሥት የመለሰው ነው። የጣላቸውን ነገሥታት አገር መካከል መርጦ፣ በእነርሱው የፍልፈላ ጥበብ፣ የራሱን ቤተ ክርስቲያን አስፈለፈለ፤ ምስሉንም አስቀረበት። ፖለቲካ በድንጋይ ሲጻፍ ማየት የሚፈልግ ሰው ከዚህ የተሻለ ገጽ አያገኝም። ይህን ነገር የሚናገር አስጎብኚ ከጎኑ ከሌለ ግን ያው አንድ ተጨማሪ ፍልፍል ሆና ትታለፋለች።

ከእነዚህ ሌላ ከከተማዋ ጥቂት ኪሎ ሜትሮች ርቆ የነአኩቶ ለአብ ገዳም አለ፤ ከዋሻው ጣራ የሚንጠባጠበው ውኃ በድንጋይ ገበታዎች ተጠራቅሞ ጠበል ይሆናል። ከላይ አሸተን ማርያም አለች፤ እሷ ግን የእግር ወይም የበቅሎ መንገድ ስለሆነች ለሌላ ቀን ትቆይ። በሰቆጣው መስመር ብልባላ ጊዮርጊስ አለ፤ በግድግዳው ውስጥ የሰፈሩት ንቦች ማር ለመድኃኒት ይፈለጋል።

በመንገዱ ግራና ቀኝ ያለውስ? ተከዜ የሚነሣው ከዚህ ከላስታ ነው። ከቆላው የጤፍ ማሳ እስከ ደጋው ገብስ ድረስ ገበሬው ተዳፋቱን በእርከን ይዞታል። ላስታ የ1977ቱ ድርቅ ክፉኛ ከጎዳው የወሎ ምድር ነው፤ እርከኑን ያየ ሰው ይህን ካልሰማ ያየው ግማሹን ነው። ፎቅ ያለው ክቡ የላስታ የድንጋይ ቤት ከሌላው አገር ጎጆ ለምን እንደተለየ፣ በአቡነ ዮሴፍ አናት ላይ ጅብራው፣ ጭላዳውና ቀይ ቀበሮው እንዴት እንደተጠበቁ፣ ይህ ሁሉ የሚነገረው መኪናው እየተጓዘ ነው። ለዚህም ነው ጉዞው በአውቶቡስ፣ አስጎብኚውም ከሹፌሩ ጎን መሆን ያለበት። ማይክ የጨበጠ ሁሉ ግን አስጎብኚ አይደለም። አራት ሰዓት ሙሉ ሳያቋርጥ የሚናገር ሰው ተሳፋሪውን ያስተኛል። መቼ ዝም እንደሚል የሚያውቅ፣ ገደሉ ላይ ሲደርሱ ሰዉ ራሱ እንዲመለከት የሚተው ሰው ነው የሚፈለገው።

ታዲያ ይህ ሁሉ እያለ ጎብኚው ለምን አይደርስበትም? ዋናው ምክንያት ኮንትራት ነው። ወደ ይምርሐነ መሄድ የፈለገ ሰው የተለመደው አማራጩ ሙሉ መኪና መከራየት ነው። አራት ፈረንጆች ተካፍለው ይከፍሉታል። ከአዲስ አበባ የመጡ ባልና ሚስት፣ ደመወዝተኛ አስተማሪ፣ ከባሕር ዳር የመጡ ሦስት ተማሪዎች ግን ዋጋውን ሲሰሙ ይተዉታል። ባጃጅ እዚያ አያደርስም። በሕዝብ ማመላለሻ የሄደ መንገድ ዳር ይወርዳል፤ የመመለሻው ነገር የዕድል ነው።

ገንዘቡም ከእግሩ ጋር ነው የሚሄደው። የአሥራ አንዱ አብያተ ክርስቲያናት መግቢያ ለውጭ ዜጎች 50 ዶላር የሆነው በ2005 ዓ.ም. ነበር፤ የገጠሮቹ አብያተ ክርስቲያናት ግን ከዚያ ቲኬት ውጪ ናቸው፤ የሚያስከፍሉት በራፋቸው ድረስ የመጣውን ነው። ስለ ላሊበላ ቅርስ ሲነሣ ክርክሩ ሁሉ ከተማው ውስጥ ያልቃል፦ በ2000 ዓ.ም. ስለቆሙት የብረት ጣራዎች፣ በ2011 ዓ.ም. ሕዝቡ ሰልፍ ስለወጣበት የእነዚሁ ጣራዎች ስጋት፣ በዚያው ዓመት የፈረንሳዩ ፕሬዚዳንት ማክሮን መጥተው ስለገቡት የጥገና ድጋፍ ቃል። ተገቢ ክርክር ነው። ነገር ግን ጥድ መካከል ያለውን ዋሻ የሚጠብቁት ካህናት በዚያ ወሬ ውስጥ የሉም።

የታሪክ መስመር የሚባለው ጉብኝት ሲነደፍም ሐሳቡ የአውሮፕላን ነበር። ሀብተ ሥላሴ ታፈሰ ከ1950ዎቹ ጀምሮ ቱሪዝምን ሲያቋቁሙ፣ የ13 ወር ጸጋ የሚለውንም መፈክር ይዘው ሲነሡ፣ መንገዱ ጭንቅ ስለነበር አክሱምን፣ ላሊበላን፣ ጎንደርንና ባሕር ዳርን በአየር ማገናኘት ብልህነት ነበር። የጊዜው መፍትሔ ልማድ ሆኖ ቀረና እስካሁን ጎብኚው ከነጥብ ወደ ነጥብ ይዘላል።

በመቀመጫ መሸጥን ኢትዮጵያውያን ከማንም መማር አያስፈልጋቸውም። የአዲስ አበባ አብያተ ክርስቲያናት በር ላይ የሚለጠፈው የጉዞ ማስታወቂያ ሁሉንም ነገር ይዟል፤ የመነሻ ቀን፣ የመመለሻ ቀን፣ የምግብና የትራንስፖርት ዋጋ በነፍስ ወከፍ፣ የኮሚቴው ስልክ። ከሌሊቱ 11 ሰዓት ላይ ሰው ይቆጠራል፤ የዘገየ ይደወልለታል፤ መዝሙር ይጀመራል፤ ዳቦና ቆሎ ይዞራል። ለግሸን፣ ለቁልቢ፣ ለላሊበላ በዚህ መንገድ የሚሄደው ሕዝብ ብዛት የትኛውም አስጎብኚ ድርጅት የሚቀናበት ነው። ማኅበረ ቅዱሳን ሐዊረ ሕይወት ብሎ የሚያዘጋጀው ደግሞ ጠዋት ሄዶ ማታ የሚመለስ የአንድ ቀን ጉዞ ነው፤ ብዙ ሺህ ሰው በአውቶቡስ ተጭኖ ይወጣል፣ ትምህርት ይሰማል፣ ጥያቄ ይጠይቃል፣ ይመለሳል። ሥርዓቱ አለ። የጎደለው የአገሩን ታሪክ የሚያወራ ሰውና ከከተማዋ ወዲያ የሚዘልቅ አንድ ተጨማሪ ቀን ነው።

ፈረንጁም የጀመረው ከዚሁ ነው። እ.ኤ.አ. በ1841 ቶማስ ኩክ የተባለ እንግሊዛዊ 500 ያህል ሰዎችን አስተባብሮ ከሌስተር ወደ ላፍበራ በባቡር ወሰደ፤ ሒሳቡ ለአንድ ሰው አንድ ሽልንግ ነበር። ተጓዦቹ ሽርሽረኞች አልነበሩም፤ መጠጥ ይቅር ወደሚል ጉባኤ የሚሄዱ ናቸው፤ ኩክ ራሱም ሰባኪ ነበር። ስሙን ይዞ ዓለምን ያዳረሰው የጉዞ ድርጅት የተወለደው ከዚያ መንፈሳዊ ጉዞ ነው።

የገጠሩ ሕዝብ እንግዳ መቀበል ይችላል ወይ የሚል ጥርጣሬ ካለ መልሱ በጎረቤቱ በመቄት ወረዳ ተሰጥቷል። በ1990ዎቹ አጋማሽ ተስፋ በተባለው የማኅበረሰብ ቱሪዝም ፕሮጀክት የመቄት ገበሬዎች በገደሉ አፋፍ ላይ የእንግዳ ጎጆዎች ሠርተው፣ ራሳቸው እያስተናገዱ፣ ገቢውን ለማኅበራቸው ማድረግ ጀመሩ። ያ የእግር ጉዞ ስለነበር የመጡት አብዛኞቹ የውጭ ሰዎች ናቸው። ለአንድ ቀን አውቶቡስ የሚያስፈልገው ከዚያ ያነሰ ነው፤ ገነተ ማርያም አጠገብ ሽሮና ጠላ የምታቀርብ አንዲት ሴት፣ ንጹሕ መጸዳጃ፣ ጥላ ያለው ማረፊያ።

የሚነሡት ተቃውሞዎች ቀላል አይደሉም። ትልቁ ሰላም ነው። ላሊበላ ከኮሮናው ሳታገግም ከሐምሌ 2013 መጨረሻ እስከ ታኅሣሥ 2014 በጦርነት ውስጥ ከእጅ ወደ እጅ ተቀባበለች፤ ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮ ደግሞ የአማራ ክልል ሌላ ግጭት ውስጥ ገባ። አስጎብኚው ሥራ ፈቷል፣ ሆቴሉ ባዶ ነው። በዚህ መካከል ስለ አውቶቡስ ማውራት ቅንጦት የሚመስለው ሰው ሊኖር ይችላል። ነገር ግን በእነዚያ ዓመታትም ለገና የሚመጣው ተሳላሚ ጨርሶ አልተቋረጠም፤ የከተማው ወጣቶችም የእንግዳውን እግር ማጠባቸውን አልተዉም። ከጦርነት በኋላ መጀመሪያ የሚመለሰው ያገር ሰው ነው፤ ፈረንጁ የኤምባሲውን ማስጠንቀቂያ እያነበበ ይዘገያል። ላስታ የሚዘጋጅ ከሆነ ለዚህ ሰው አስቀድሞ ይዘጋጅ። መንገዱ ዛሬ ክፍት ነው ወይስ አይደለም የሚለውን የሚወስነውም አዲስ አበባ የተቀመጠ ቢሮ ሳይሆን ጠዋት ጠዋት ከገበሬው ጋር የሚነጋገር የአካባቢው ሹፌር ይሁን። ሲዘጋ ገንዘብ ይመለስ፤ ይህ በቲኬቱ ላይ ይጻፍ።

ሁለተኛው የቦታው አቅም ነው። የይምርሐነ ዋሻ በአንድ ጊዜ አራት አውቶቡስ ሰው አይችልም፤ ግድግዳውን የሚዳብስ እጅ ሲበዛ ሥዕሉ ይሄዳል። መንገዱም ለትልቅ አውቶቡስ አይመችም። ኮስተር ይበቃል፤ ሠላሳ ሰው ገደማ ገብቶ ሲወጣ ሌላው ይገባል። የመግቢያውን መጠን ካህናቱ ይወስኑ፤ ቅርሱን እስካሁን ያቆዩት እነሱ ናቸው። ይልቅ ጥንቃቄ የሚሻው ሰዓቱ ነው። የጾም ቀን ቅዳሴ ከቀትር በኋላ ስለሚሆን አቆጣጠሩን የማያውቅ የጉዞ አዘጋጅ ሰዎቹን በር ላይ ያቆማል።

ለመጀመር የሚመቸው ጊዜ የገና በዓል ነው። ታኅሣሥ 29 ንጋት ላይ ቤተ ማርያም ዙሪያ የቤዛ ኩሉ ዝማሬ ሲያበቃ ከተማዋ በእንግዳ ሞልታ ትገኛለች፤ ጾመ ነቢያትም ተፈትቷል፤ ዝናብ የለም፤ የደጋው እህል ተሰብስቦ አውድማ ላይ ነው። ከሩቅ የመጡት አውቶቡሶች ሹፌሮቻቸው እስኪያርፉ ቆመው ይውላሉ። በዚያ አንድ ቀን የከተማው የአስጎብኚዎች ማኅበርና የኮስተር ባለንብረቶች ተስማምተው ሁለት መስመር ይክፈቱ፤ አንዱ በብልባላ አድርጎ ይምርሐነ ክርስቶስ፣ ሌላው በነአኩቶ ለአብ ጀምሮ ገነተ ማርያም። ዋጋው በነፍስ ወከፍ ተጽፎ፣ የጉዞ ኮሚቴዎቹ ገና አዲስ አበባ ሳሉ መቀመጫውን ከዋናው ጉዞ ጋር አብረው እንዲሸጡት ይሰጣቸው።