ስምና አስማት



ከአምቦ በስተ ሰሜን፥ በግንደበረት ደጋ በምትገኘው በካቺሲ ከተማ በማስተምርበት ጊዜ፥ አንድ ማታ አንድ አባት ወደ ቤቴ መጣ። በጋቢው ሥር የተማሪ ደብተር ሸሽጎ ይዟል። ቡና ቢቀርብለት ፉት ሳይል፥ «መምህር፥ እርስዎ የቤተ ክርስቲያኑንም የዘመኑንም ትምህርት ያውቃሉና ይፍረዱኝ። ልጄ አስማት ጀምራለች። ይህን ደብተር ዛሬውኑ ላቃጥለው ነበር፤ እናቷ አስቀድሞ መምህሩ ይዩት ብላ ስለ ለመነችኝ አመጣሁት» አለኝ።

ደብተሩን ተቀብዬ በመብራት አነበብሁት። ልጅቱ የ8ኛ ክፍል ተማሪ ናት። የጻፈችውም በቤቷ በምትናገርበት በአፋን ኦሮሞ ሲሆን፥ ነገሩ ረዥም ተረት ነው። እንደ ዐባይ በረሃ ከጠለቀ ገደል ማዶ አንድ አገር አለ። በዚያ አገር ሰው ሁሉ ሁለት ስም አለው፤ አንዱ የሚጠራበት፥ ሁለተኛውም በተወለደ ቀን እናቱ በጆሮው ሹክ የምትለው የተሰወረ ስም ነው። የተሰወረውን ስም ዐውቆ የጠራ ሰው የታመመውን ሊያስነሣ ይችላል። ነገር ግን ሕግ አለው፤ ጠሪው በጠራ ቍጥር ከራሱ ትዝታ አንዱን ያጣል፥ የትኛውን እንደሚያጣም አይመርጥም። በተረቱ ውስጥ ያለችው ልጅ ድንገት እየወደቀ የሚንቀጠቀጥ ወንድም አላት። ሦስት ጊዜ በስሙ ጠራችው፤ በሦስተኛው ተነሣ፥ እርስዋ ግን የእናቷን ድምፅ ረሳች። ተረቱ ከዚህ ላይ ሳይፈጸም ቆሟል።

የአባትየው ፍርሃት ከንቱ ነው አልልም። «አስማት» የምንለው ቃል ራሱ በግእዝ «ስም» ለሚለው ብዙ ቍጥር ነውና፥ ትርጓሜው «ስሞች» ማለት ነው። ስምን ዐውቆ ኃይልን መያዝ ይቻላል የሚለው አሳብ በአገራችን የቆየ ነው። ብዙ ሰው የክርስትና ስሙን ለባዕድ አይናገርም፤ መተተኛ እንዳይደግምበት ይፈራልና። ክታብም ሲጻፍ ብራናው ብዙ ጊዜ በባለቤቱ ቁመት ልክ ይሰፋል፤ የክርስትና ስሙ ይገባበታል፤ ትልልቅ ዓይኖችና ሰይፍ የመዘዙ መላእክት ይሣሉበታል፤ ሕፃናትን ትገድላለች የምትባለውን ውርዝልያን ሱስንዮስ በፈረስ ተቀምጦ በጦር እንደ ወጋት የሚተርከው ጸሎትም ይጻፍበታል። እንግዲህ ልጅቱ የተረቷን ሕግ ከሩቅ አላመጣችውም፤ ከሰፈሯ ወሬ ለቅማ በራሷ አሳብ ሸመነችው እንጂ።

ቤተ ክርስቲያንም በዚህ ነገር ዝም ብላ አልኖረችም። ከ1426 እስከ 1460 ዓ.ም. የነገሠው ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ «መጽሐፈ ብርሃን» በተባለው ድርሰቱ ጠንቋዮችንና ወደ እነርሱ የሚሄዱትን አጥብቆ ገሥጿል። አባትየውም ይህን የመሰለ ስብከት ሰምቶ ኖሮ፥ «በኤፌሶን የአስማት መጻሕፍት በእሳት ተቃጥለው የለምን?» ሲል ጠየቀኝ።

እውነት ነው፤ የሐዋርያት ሥራ በምዕራፍ 19 ይህን ይነግረናል፤ ዋጋቸውም 50,000 የብር ገንዘብ ነበር። ነገር ግን ልብ እናድርግ። መጻሕፍቱን አምጥተው ያቃጠሉት ባለቤቶቻቸው ናቸው፤ ሲሠሩበት የነበረውን ትተው፥ ወድደው አቃጠሉት። ከልጅ እጅ ተቀምቶ የተቃጠለ ተረት በዚያ አልነበረም። እንዲያውም ተረት በቅዱስ መጽሐፍ ውስጥ ቦታ አለው። በመጽሐፈ መሳፍንት ምዕራፍ 9 ኢዮአታም በገሪዛን ተራራ ራስ ላይ ቆሞ፥ ዛፎች ንጉሥ ሊያነግሡ ሄደው ወይራን፥ በለስንና ወይንን እንደ ለመኑ፥ በመጨረሻም እሾኹን እንዳነጋገሩ ተረተ። ዛፍ ይናገራል ብሎ የተታለለ ግን የለም፤ ሁሉም ነገሩ ስለ ማን እንደ ሆነ ያውቅ ነበር።

እኛም ለዚህ ዓይነቱ ጽሑፍ መልካም ስም አለን፤ «ልብ ወለድ» እንለዋለን። አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1900 ዓ.ም. በሮም ያሳተሙት መጽሐፍ «ልብ ወለድ ታሪክ» ይባል ነበር። ከልብ እንደ ተወለደ በግልጥ የሚናገር ጽሑፍ ማንንም አያታልልም። በባሕር ማዶም ኡርሱላ ለ ግዊን የምትባል አሜሪካዊት ደራሲ በ1968 እ.ኤ.አ. ባሳተመችው መጽሐፍ፥ ኃይል ሁሉ በነገሮች እውነተኛ ስም ላይ የቆመበትን የደሴቶች ዓለም ፈጥራለች። እዚያም አስማተኛው ያለ ልክ በተጠቀመ ጊዜ መከራው በራሱ ላይ ይመለሳል። የካቺሲ ልጅ ይህን መጽሐፍ አላየችም፤ ነገር ግን ኃይል ያለ ዋጋ እንደማይገኝ በራሷ ልቡና መርምራ ደረሰችበት።

ልዩነቱ እንግዲህ ከዚህ ላይ ነው። ተረት «እኔ ተረት ነኝ» ይላል፤ ጥንቆላ ግን «እኔ እውነት ነኝ» ብሎ ገንዘብ ይቀበላል። በልጅቱ ተረት ዋጋውን የሚከፍለው ስም ጠሪው ነው፤ በጠንቋይ ቤት ግን የሚከፍለው ሕመምተኛው ነው።

ይህን ከተነጋገርን በኋላ አባትየውን፥ «ወንድሜ፥ ልጅዎ ይህን የሚወድቀውን ወንድም ከየት አገኘችው?» ብዬ ጠየቅሁት። ብዙ ጊዜ ዝም አለ። በኋላም የ6 ዓመት ወንድ ልጁ ከሁለት ዓመት ጀምሮ እንደሚወድቅ፥ አንድ ጊዜም እሳት አጠገብ ወድቆ እጁ እንደ ተቃጠለ ነገረኝ። «ታዲያ ምን አደረጋችሁለት?» ብለው፥ «በበግ ዋጋ ክታብ አሥሬለታለሁ» አለኝ። ይህን ከተናገረ በኋላ ራሱ ቃሉን ሰማው። በእጄ የያዝሁትን ደብተር ተመለከተና ዐቀረቀረ።

እኔም አላሳፈርሁትም፤ ልጁ የታመመበት ሰው ያገኘውን ሁሉ ይጨብጣልና። ነገር ግን በመጽሐፈ ሲራክ ምዕራፍ 38 የተጻፈውን አስታወስሁት፤ ባለ መድኃኒትን አክብር፥ እርሱንም መድኃኒቱንም የፈጠረ እግዚአብሔር ነው የሚል ትምህርት አለበት። የሚጥል በሽታ የአንጎል ሕመም ነው፤ ከሰው ወደ ሰው አይተላለፍም፥ በለሃጭም አይጋባም። እንደ ፌኖባርቢታል ያለ በየቀኑ የሚዋጥ መድኃኒት አለው፤ ሐኪም ሳያዝ በድንገት ማቋረጥ ግን አደጋ ያመጣል። ጸሎቱና ጠበሉ መድኃኒቱን አያስተዉም። ሕመምተኛው በወደቀ ጊዜም ከእሳትና ከገደል ማራቅ፥ በጎኑ ማስተኛት፥ ከራሱ ሥር ልብስ ማድረግ ይገባል። በጥርሱ መካከል ማንኪያም ሆነ እንጨት ማስገባት፥ በኃይል ይዞ መጫን፥ ክብሪት ጭሮ ማሽተትም አይገባም። መንቀጥቀጡ ከ5 ደቂቃ ካለፈ ፈጥኖ ወደ ሐኪም ማድረስ ያስፈልጋል።

ወላጆች ሆይ፥ ልጃችሁ የሌለ አገርና የሌለ ኃይል ሲጽፍ ብታገኙት፥ ደብተሩን ወደ ምድጃ ከመውሰዳችሁ በፊት አጠገቡ ተቀምጣችሁ አንብቡት። በተረቱ ውስጥ የታመመው ማን ነው? የጠፋውስ? የሚፈራውስ? ብላችሁ ጠይቁ። ልጅ በማዕድ ላይ መናገር ያልቻለውን ነገር ብዙ ጊዜ በተረት ይናገራል። የዚህች ልጅ ደብተር ተቃጥሎ ቢሆን ኖሮ፥ ስለ ወንድሟ ያሰማችው ጩኸት አብሮ በተቃጠለ ነበር።

አባትየው በማግሥቱ ልጁን ይዞ ወደ ጤና ጣቢያ ሄደ። ሕፃኑ መድኃኒቱን በየማታው ይውጣል፤ መውደቁ ፈጽሞ ባይቀርም እጅግ ቀንሷል። ደብተሩም ለባለቤቷ ተመልሷል። በቅርቡ አባትየውን በገበያ ሳገኘው፥ ልጅቱ ማታ ማታ የጻፈችውን ለቤተ ሰቡ እንደምታነብ ነገረኝ። «የእናቷ ድምፅ ተመለሰላት ወይ?» ብዬ ብጠይቀው ሣቅ ብሎ፥ «ገና አልጻፈችውም፥ መምህር፤ እኛም ሁላችን እየጠበቅን ነው» አለኝ።