የሚመሰገን ግን የማይነበብ ተውኔት

ከደብረ ማርቆስ እስከ ሮብ ገበያ ቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤን የሚያመሰግን አይጠፋም፤ «አፋጀሽኝ» የተባለውን ተውኔቱን ያነበበ ግን ምን ያህል ይሆን? ሳያነቡ ማመስገን በእኔ አስተያየት ከመርሳት አይሻልም። ይህ የደብረ ኤልያስ ባለቅኔ፥ ፋሺስት ኢጣልያ በ1928 ዓ.ም. አገራችንን ከወረረች በኋላ በሱዳን የስደትን ኑሮ ቀምሷል፤ ተውኔቱም የዚያን ዘመን መከራ ይናገራል። አንባቢ ሆይ፥ ርእሱን ብቻ አስተውል። ቃሉ አንድ ሲሆን ሙሉ ዓረፍተ ነገር ነው፤ ባለቤቱ «አንቺ»፥ ተሳቢው «እኔ»። ባዕድ ጠላት በርእሱ አልተጠራም፤ መፋጀት የወገን ከወገን ነውና። ስለዚህ ተውኔቱን በትምህርት ቤታችን መድረክ ሳናሳይ ደራሲውን አከበርን ልንል አይገባንም።