ንግሥቲቱ በአገሯ አትዘቀዘቅም

ይድረስ የካሲዮፒያን፣ የሴፊየስንና የአንድሮሜዳን ታሪክ ለሚሥሉ፣ ለልጆች ለሚጽፉና ወደ ፊልም ለሚቀይሩ ሁሉ፤

በኅዳር ወር ከምሽቱ 3 ሰዓት ገደማ ከአዲስ አበባ መብራት ወጣ ብሎ ፊቱን ወደ ሰሜን ያዞረ ሰው፣ ጎን ለጎን የቆሙ ሁለት የተራራ ጫፎች የመሰሉ አምስት ኮከቦች ያያል። ካሲዮፒያ ነች። በስተግራዋ ዝቅ ብሎ ባሏ ሴፊየስ አለ፤ ልጃቸው አንድሮሜዳ ከእናቷ በላይ፣ ወደ አናት ተጠግታ ተዘርግታለች። የጥንት ግሪኮች ይህን ቤተሰብ የኢትዮጵያ ንጉሣውያን ብለው ጠርተውታል።

ታሪኩ አጭር ነው። ንግሥቲቱ በውበት ከባሕር ቆነጃጅት እበልጣለሁ አለች። ከአፍ የወጣ አፋፍ ነውና ወሬው የባሕሩ አምላክ ፖሲዶን ጆሮ ገባ፤ ጎርፍና አውሬ ላከባቸው። መዓቱ የሚመለሰው ልዕልቲቱ ለአውሬው ስትሰጥ ብቻ ነው ተባለና አንድሮሜዳ ባሕር ዳር ከዐለት ጋር በሰንሰለት ታሰረች። የሜዱሳን ራስ ቆርጦ ሲመለስ የነበረው ፐርሲየስ ደርሶ አዳናት፣ አገባትም። በኋላ ሁሉም፣ አውሬው ሳይቀር፣ ሰማይ ላይ ወጡ።

ሠዓሊዎችና ፊልም ሠሪዎች ከዚህ ታሪክ የጣሉት ነገር የለም ማለት ይቻላል። ሰንሰለቱ አለ፣ ዐለቱ አለ፣ አውሬውማ በየዘመኑ እየገዘፈ ሄዷል። የጠፋው አገሩ ነው። ቲሲያኖ በ16ኛው መቶ ዘመን ለስፔኑ ንጉሥ ፊሊጶስ ዳግማዊ የሣላት አንድሮሜዳ ከጨለማው ዐለት ፊት ነጭ ሰውነቷ ያበራል፤ ሥዕሉ ዛሬ ለንደን ዋላስ ኮሌክሽን ውስጥ ተሰቅሏል። እ.ኤ.አ. በ1981 በወጣው «የታይታኖች ግጭት» ፊልም ልዕልቲቱ የያፋ ከተማ ልጅ ሆነች። በ2010 እንደገና ሲሠራ ደግሞ ወላጆቿ የአርጎስ ንጉሥና ንግሥት ተደረጉ። ለያፋው እንኳ የጥንት ጸሐፊዎች ምስክርነት አለ፤ ፕሊኒ የአውሬው አጥንት ከዚያ ወደ ሮም ተወስዶ ለሕዝብ እንደታየ ጽፏል። አርጎስ ግን የባሏ ዘመዶች አገር ነው። ሙሽራን ከነወላጆቿ ወደ ሙሽራው ሰፈር ማዛወር ለስክሪፕት ጸሐፊው ሥራ ያቀልለት ይሆናል።

የግሪኮቹ ኢትዮጵያ ከዛሬዋ ኢትዮጵያ ድንበር ጋር አንድ እንዳልሆነ አይካድም። ቃሉ ፊቱ በፀሐይ የጠቆረ ሕዝብ ለሚኖርበት፣ ከግብፅ በስተደቡብ ላለው ሰፊ አገር የተሰጠ ነበር። ጥንታውያኑ ራሳቸውም ስለ አንድሮሜዳ መልክ አልተስማሙም። በኦቪድ ስም በሚታወቀው የሳፎ ደብዳቤ አንድሮሜዳ የአገሯን መልክ የያዘች ጠይም ነች፤ ኦቪድ ራሱ ግን በሌላ ሥራው ከእብነ በረድ ሐውልት ጋር ያመሳስላታል። ከሁሉ የሚገርመው ሄሊዮዶረስ ነው። በልብ ወለዱ ውስጥ የኢትዮጵያ ንግሥት ነጭ ሴት ልጅ ትወልዳለች፤ ምክንያቱ ደግሞ በፀነሰችበት ሰዓት በእልፍኙ የተሰቀለውን የአንድሮሜዳን ሥዕል ማየቷ ነው። ሥዕሉ ላይ ያለችው አንድሮሜዳ ነጭ ነበረች። እንግዲህ ሄሊዮዶረስ የኢትዮጵያ ልዕልት ለምን ነጣች የሚል ጥያቄ እንደሚመጣበት ዐውቆ መልስ ለማዘጋጀት ደክሟል። የዛሬዎቹ ጥያቄው መኖሩንም አይጠረጥሩም።

ይህ ቤተሰብ ደግሞ የሞተ ተረት አይደለም። ከሴፊየስ ኮከቦች አንዱ በየ5 ቀን ከ9 ሰዓት ገደማ ይደምቃል፣ ይደበዝዛል፤ እንደሚተነፍስ ደረት ያብጣል፣ ይሟሽሻል። ይህን እ.ኤ.አ. በ1784 ያስተዋለው መስማት የተሳነው እንግሊዛዊ ወጣት ጆን ጉድሪክ ነው። ሄንሪዬታ ሌቪት እንዲህ ያሉ ኮከቦች የሚተነፍሱበት ጊዜ በረዘመ ቁጥር ድምቀታቸው እንደሚበልጥ ደረሰችበት፤ በዚህም ርቀታቸውን መለካት ተቻለ። ኤድዊን ሀብል በ1923 ከነዚሁ ኮከቦች አንዱን በአንድሮሜዳ ጭጋግ ውስጥ ሲያገኝ፣ ጭጋጉ ከእኛ ጋላክሲ ውጭ ያለ ራሱን የቻለ ጋላክሲ መሆኑ ታወቀ። የልጅቷ ጋላክሲ ርቀት በአባቷ ኮከብ ተለካ ማለት ነው።

እ.ኤ.አ. በ2019 ደግሞ ዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት አገሮች ለአንድ ኮከብና ለፕላኔቱ ስም እንዲያወጡ ሲጋብዝ፣ ለኢትዮጵያ የደረሳት ኮከብ የሚገኘው በአንድሮሜዳ ውስጥ ነበር። ኮከቡ ቡና ተባለ፤ ፕላኔቱ አቦል። ቶናውና በረካው ገና አልተቀዳም። ኮከቡ በባዶ ዐይን አይታይም፤ ቢኖኩላር ያስፈልጋል።

ይህ ደብዳቤ ካለፉት ሠዓሊዎች ካሣ አይጠይቅም። የሚጠይቀው ከሚመጡት ነው፤ የልጆች መጽሐፍ ሠዓሊው «የኢትዮጵያ ንጉሥ» የሚለውን ሐረግ እንዳይዘለው፣ እናትና ልጅ የአንድ ቤት ሰዎች መስለው እንዲሣሉ፣ ዳይሬክተሩም ተዋናይ ከመምረጡ በፊት የልዕልቲቱን አገር ከመነሻው ታሪክ እንዲያነብ።

ሌላም ነገር አለ። መጻሕፍቱ ካሲዮፒያ ለትዕቢቷ ቅጣት ከነዙፋኗ በዋልታው ዙሪያ እንደምትሽከረከር፣ የሌሊቱንም እኩሌታ ራሷን ቁልቁል አድርጋ እንደምታሳልፍ ይተርካሉ። ይህ ወደ ሰሜን ርቆ ላለ ተመልካች እውነት ነው። አዲስ አበባ ግን ከምድር ወገብ በ9 ዲግሪ ብቻ ትርቃለችና ካሲዮፒያ ከዚህ ስትታይ ትወጣለች፣ ትጠልቃለች። ጎኗን ይዛ ትወጣለች፤ በሰማዩ መካከል ስትደርስ ጭንቅላቷ ወደ ላይ፣ እግሯ ወደ ዋልታው ሆኖ ቀጥ ብላ ትቀመጣለች፤ ከዚያ ጎኗን ይዛ ትጠልቃለች። ራሷን ቁልቁል የምትደፋበት ሰዓት ከአድማሱ በታች ነው፤ የእንጦጦ ሰው አያየውም። ሥዕሉን የሚጀምር ሠዓሊ ካለ በኅዳር ይምጣ፤ ጋቢ ይዞ፣ ፊቱን ወደ ሰሜን አዙሮ፣ ንግሥቲቱን ከዚህ ሆኖ ይንደፋት።