ልጅ ያቦካውን የሚጠብቅ ከተማ

«ልጅ ያቦካው ለራት አይበቃም» ይላል ያገራችን ሰው። ቴክሳስ ውስጥ ግን የከተማው ሕዝብ፣ ነጋዴው፣ ሐኪሙ፣ የነዳጅ ጉድጓድ ቆፋሪው፣ ሰባኪው ሳይቀር፣ አርብ ማታ ገበታውን ዘርግቶ ልጅ ያቦካውን ሲጠብቅ ያመሻል። ልጆቹ 16 እና 17 ዓመታቸው ነው። የሚያቦኩት ሊጥ አይደለም፤ ኳስ ነው። ያውም እኛ የምናውቀውን በእግር የሚለጋውን ሳይሆን፣ በክንድ ታቅፈው የሚሮጡበትን፣ የራስ ቁር ደፍተው እንደ አውራ በግ የሚላተሙበትን የአሜሪካኖቹን ፉትቦል።

«እኛ ምን አገባን? የራሳችን ጣጣ መች አለቀና!» የሚል አንባቢ አይጠፋም። ይታገሠኝ። አንደኛ፣ በዳላስና በሂውስተን የሚኖሩ ወገኖቻችን ልጆች የሚማሩት በዚያው በቴክሳስ ት/ቤቶች ነው። ሁለተኛ፣ የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ ኳስ ብቻ አይደለም። ትልልቅ ሰዎች ተስፋ ሲቆርጡ ሸክማቸውን ማን ትከሻ ላይ ያወርዱታል? ልጁንስ ከዚያ ሸክም የሚያስጥለው ምንድነው? ፍቅር ነው ወይስ ሕግ? ጥያቄው ይኸው ነው። (ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።)

የኦዴሳ ጉድ

ኦዴሳ በምዕራብ ቴክሳስ ደረቅ ሜዳ ላይ የተቀመጠች የነዳጅ ከተማ ናት። ነዳጅ ሲወደድ ትሰክራለች፤ ሲረክስ ትራባለች። በ1986 የበርሜል ዋጋ ወደ 10 ዶላር ግድም ሲያሽቆለቁል ስንቱ ሥራ ፈታ፣ ስንቱ ከሰረ። ያልከሰረ ነገር ቢኖር የፐርሚያን ሁለተኛ ደረጃ ት/ቤት ቡድን ነበር። ቡድኑ የሚጫወትበት ራትሊፍ ስታዲየም በ1982 የተከፈተ፣ 5.6 ሚሊዮን ዶላር የፈጀና 19 ሺህ ያህል ሰው የሚይዝ ነው። የከተማዋ ሕዝብ በወቅቱ 90 ሺህ ገደማ ነበር። እንግዲህ አስሉት፤ ከአምስት ሰው ለአንዱ ወንበር ተዘጋጅቶለታል ማለት ነው። ለብሔራዊ ቡድን አይደለም፣ ለክለብ አይደለም፣ ለ12ኛ ክፍል ተማሪ!

ጋዜጠኛው ኤች.ጂ. ቢሲንገር በ1988 ቤተሰቡን ይዞ እዚያው ከትሞ አንድ የውድድር ዘመን ሲከታተል ከረመና በ1990 «ፍራይዴይ ናይት ላይትስ» የተባለውን መጽሐፍ አወጣ። በ2004 ፊልም ሆኗል። የኦዴሳ ሰው መጽሐፉን ሲያይ ደሙ ፈላ። ዛቻው በዛና ደራሲው ወደዚያው ሊያደርገው የነበረውን ጉዞ ሰረዘ። ምን ቢጽፍ ነው? ቢሉ፣ አንደኛው ወንጀሉ የሒሳብ መዝገቡን መግለጡ ነበር።

መዝገቡ ምን ይላል? በመጽሐፉ እንደተጻፈው በ1988 ቡድኑን በኪራይ አውሮፕላን ለማመላለስ 70 ሺህ ዶላር ወጥቷል። የግጥሚያ ፊልም ቶሎ ታጥቦ እንዲደርስ 6,400 ዶላር ተከፍሏል። የእንግሊዝኛ ክፍሉ መላው የማስተማሪያ ቁሳቁስ በጀት ደግሞ 5,040 ዶላር ነበር። አሠልጣኙ በዓመት 48 ሺህ ዶላር ሲያገኝ፣ ማስተርስ ዲግሪና የ20 ዓመት ልምድ ያላት የእንግሊዝኛ መምህርት 32 ሺህ ዶላር ገደማ ታገኝ ነበር። እንግዲህ ስድብ የለበትም፣ ሐሜት የለበትም፤ ቁጥር ብቻ ነው። የመዝገብን ያህል የሚያናድድ ነገር የለምና ቁጡው ሕዝብ የተቆጣው በመዝገቡ ሳይሆን መዝገቡን ባሳየው ሰው ላይ ሆነ። ይቺ ነገር እንግዳ አትሆንብንም መቼም!

የወደቀ ዛፍ

በዚያ ቡድን ውስጥ ቡቢ ማይልስ የሚባል ጥቁር ወጣት ነበር። ኳሷን ይዞ ሲሮጥ የሚያቆመው የለም ይባልለታል። ዩኒቨርስቲዎች ደብዳቤ ያዘንቡለት ነበር። ትምህርቱስ? ማን ጠይቆ! እግሩ እያለ አንጎሉን ማን ይፈልገዋል? እሱም ከፊቱ ያለውን ሣር እንጂ ገደሉን አላየም። ወቅቱ ሊከፈት ሲል፣ ነጥብ እንኳ በማይያዝበት የመለማመጃ ግጥሚያ ጉልበቱ ተበጠሰ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን አንባቢ ይገምተዋል። የወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል። ትናንት «የኛ ልጅ» ሲሉት የነበሩ ዛሬ መቀለጃ አደረጉት። ቦታውን ሌላ ልጅ ያዘ፣ ቡድኑ ማሸነፉን ቀጠለ፣ እሱ ወቅቱ ሳያልቅ ቡድኑን ጥሎ ወጣ። ከተማዪቱ ከዚህ ልጅ ጋር የነበራት ፍቅር ርዝመቱ የጉልበቱን ጅማት ያህል ነበር። ሲበጠስ ተበጠሰ።

የማጣሪያው ነገር ደግሞ ሌላ ጉድ ነው። በዚያ ዓመት ፐርሚያን፣ ሚድላንድ እና ሚድላንድ ሊ የተባሉት ሦስት ት/ቤቶች እኩል ሆነው ጨረሱ። ወደ ጥሎ ማለፉ የሚያልፉት ሁለት ብቻ ናቸው። ታዲያ በምን ተለየ? በሳንቲም! ሦስቱ አሠልጣኞች እኩለ ሌሊት ካለፈ በኋላ በአንድ የከባድ መኪና ሾፌሮች ማረፊያ ተገናኝተው «ዘውድ ወይስ ጎፈር» ተባባሉ፤ ቴሌቪዥን በቀጥታ ያስተላልፋል፣ ሕዝቡ እንቅልፉን አጥቶ ያያል። ሚድላንድ ወደቀ፤ ሁለቱ አለፉ። የአንድ ዓመት ላብ በአንዲት ሳንቲም! ልጆቹ ያለቀሱት ለጨዋታው ብቻ አይመስለኝም። የከተማው ዕዳ በነሱ ሳንቲም ላይ ተጽፎ ስላዩት ጭምር ነው።

ሕግ መጣ፣ ዘግይቶ

እዚህ ላይ የአሜሪካኖቹን መልካም ጎን መደበቅ ተገቢ አይደለም። ቴክሳስ በ1984 «ያላለፈ አይጫወትም» የተባለውን ሕግ አውጥታለች። አንድ ተማሪ በአንድ ትምህርት ከ70 በታች ካመጣ ለስድስት ሳምንት ከሜዳ ይታገዳል። ሐሳቡን ካራመዱት ዋነኛው ባለሀብቱ ሮስ ፔሮ ነበሩ፤ የፈረሙት ገዥው ማርክ ዋይት። ጩኸቱ ሰማይ ነካ! ዋይት በ1986 በተደረገው ምርጫ ሲሸነፉ የአሠልጣኞችና የኳስ ወዳዶች ቂም አንዱ ምክንያት እንደነበር በሰፊው ተነግሯል። በ1995 ቅጣቱ ወደ ሦስት ሳምንት ዝቅ ተደረገ እንጂ ሕጉ አልተሻረም።

ሕጉ ግን ጥርሱ ምን ያህል ነው? የዚያኑ የ1988ን ታሪክ እንይ። ፐርሚያንን በግማሽ ፍጻሜ 14 ለ 9 ያሸነፈው የዳላሱ ካርተር ት/ቤት ነው። ካርተር በአንድ ተጫዋች የአልጀብራ ውጤት ሰበብ ክርክር ውስጥ ነበር፤ አልፏል ወይስ ወድቋል? ጉዳዩ ከትምህርት ባለሥልጣን ወደ ፍ/ቤት፣ ከፍ/ቤት ወደ ባለሥልጣን ሲንከባለል ቡድኑ እየተጫወተ ዋንጫውን በላ። በ1991 ዋንጫው ተነጥቆ ለተሸናፊው ለኮንቨርስ ጀድሰን ተሰጠ። በመሐሉ፣ በ1989፣ ከካርተር ተጫዋቾች ስድስቱ በጦር መሣሪያ በተፈጸመ ዝርፊያ ተይዘው እስር ቤት ገብተዋል። ከነሱ መሐል የዩኒቨርስቲ ስኮላርሺፕ በእጃቸው የያዙ ነበሩ።

ለመሆኑ በዚያ ሁሉ ሙግት ልጁ አልጀብራ ይችል እንደሆነ የጠየቀ አለ? ክርክሩ ስለ ዋንጫው ነው። ዋንጫው ተነጠቀ፤ ጥሩ። ልጁን ግን ማን መለሰው?

በራስ ቅል ጉዳትም ያው ነው፤ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ። በዋሽንግተን ግዛት ዛካሪ ላይስቴት የተባለ የ13 ዓመት ልጅ በ2006 ጭንቅላቱን ተመትቶ እንደገና ወደ ሜዳ ስለተመለሰ ለከባድ የአካል ጉዳት ተዳረገ። በስሙ የተጠራው ሕግ በ2009 ወጣ፤ የራስ ቅል ጉዳት የተጠረጠረበት ልጅ የሕክምና ባለሙያ ፈቃድ ሳይሰጠው አይመለስም ይላል። እስከ 2014 ድረስ 50ዎቹም ግዛቶች ተመሳሳይ ሕግ አወጡ። አየህ አንባቢዬ፣ ሕጉ ደግ ነው፤ ግን በልጅ አካል ተጽፎ ነው የመጣው።

ለከተማውም እንፍረድ

አሁን ከተማውን ብቻ ስንወቅስ ብንውል ግፍ ይሆንብናል። በፔንሲልቬኒያ ያለችውን አሊኪፓን ተመልከቱ። በ1930 ከ27 ሺህ በላይ ሕዝብ ነበራት። ያኖራት ትልቁ የብረት ፋብሪካ በ1980ዎቹ ሲንኮታኮት ሰዉ ነጎደ። በ2020 ቆጠራ የቀረው 9,238 ነው። ከዚህች ከተማ ማይክ ዲትካ፣ ታይ ሎው እና ዳሬል ሪቪስ ወጥተዋል፤ ሦስቱም በፕሮፌሽናል ፉትቦል የዝና አዳራሽ ስማቸው ሰፍሯል። ት/ቤቱ በ2018፣ በ2021 እና በ2023 የግዛት ሻምፒዮን ሆኗል። ፋብሪካ ለሌለው፣ ሲኒማ ለሌለው ሰው አርብ ማታ ጎረቤቱን የሚያገኝበት ቦታ ያ ሜዳ ነው። «ይህንንስ ለምን ትነፍጉናላችሁ?» ቢሉን መልስ የለንም።

ሆኖም የግዛቱ የስፖርት አካል «በጣም አሸነፋችሁ» ብሎ ከትልልቅ ት/ቤቶች ምድብ ሊከታቸው ሲነሳ አሊኪፓዎች በ2024 ፍ/ቤት ሄደው እግድ አስወጡ። ክርክራቸው «ዋንጫ ይቅርብናል» አልነበረም። ትልቅ ት/ቤት ለማጥቃትና ለመከላከል ለየብቻ ልጆች አሉት፤ ትንሽ ት/ቤት ግን ያው አንዱ ልጅ ሁለቱንም ሲጫወት ያመሻል፤ የደከመ ልጅ ደግሞ ይሰበራል አሉ። እንዲህ ነው ለልጅ መሟገት!

ከዚህም የቀደመ ምሳሌ አለ። በ1934፣ በዚያ የችግር ዘመን፣ በነብራስካ ሂብሮን የነበረ ስቲቨን ኤፕለር የሚባል አስተማሪ ትናንሽ ት/ቤቶች 11 ልጅ ማሰለፍ እንደማይችሉ አይቶ ስድስት በስድስት የሚጫወቱትን ፉትቦል ፈጠረ። ሜዳው ከ100 ያርድ ወደ 80 አጠረ። አንዱ ቡድን በ45 ነጥብ ከበለጠ ጨዋታው ከዕረፍት ጀምሮ በማንኛውም ሰዓት ያበቃል፤ የተሸነፈውን ልጅ ማዋረድ የለም። በምዕራብ ቴክሳስ ትናንሽ ከተሞች እስከ ዛሬ ይጫወቱታል። እነዚህ ሰዎች ኳሱን አልተዉም፤ ኳሱን በልጁ ልክ ሰፉት። ኦዴሳ ግን በ1988 ልጁን በስታዲየሙ ልክ ልትዘረጋው ሞከረች። ልዩነቱ ይኸው ነው።

የስታዲየሙ አምልኮ አልቀረም። በዳላስ አጠገብ ያለችው አለን ከተማ 60 ሚሊዮን ዶላር ገደማ የፈጀ፣ 18 ሺህ ሰው የሚይዝ የት/ቤት ስታዲየም በ2012 ከፈተች። በ2014 ሲሚንቶው ተሰነጣጥቆ ተዘጋ፤ ተጠግኖ በ2015 ተከፈተ። ይሁን፤ ገንዘቡን ሕዝቡ በ2009 በድምፁ ፈቅዶታል። ከተሳሳተም በራሱ ካርድ ተሳሳተ። እሱም አንድ ነገር ነው! ግን ድምፅ የሌለው አንድ ወገን አለ፦ ዕድሜው ለካርድ ያልደረሰው፣ ሜዳው ላይ የሚላተመው።

ስለዚህ በዚያ ላላችሁ ወገኖች፣ ልጃችሁ የራስ ቁር ደፍቶ የተነሳውን ፎቶ ስትልኩልን ደስ ይለናል። ግን ሦስት ነገር ጠይቁ። ልጁ ሲመታ «ይመለስ» የሚለው አሠልጣኙ ነው ወይስ ሐኪም? ውጤቱን የሚሰጠው መምህሩ ነው ወይስ የጨዋታው ፕሮግራም? ጉልበቱ ቢበጠስ በማግስቱ ምን ይዞ ይቀራል? በመላ አሜሪካ አንድ ሚሊዮን ያህል ልጅ ይህን ኳስ በሁለተኛ ደረጃ ይጫወታል፤ በኮሌጅ ደረጃ የሚቀጥለው ከመቶ ሰባት ገደማ ነው። የቀሩት 93ቱ የሚኖሩት በአልጀብራው ነው።

ከተማ ይደሰት፤ ይጨፍር፤ መብቱ ነው። ራቱን ግን ራሱ ያቡካ! ልብ ያለው ልብ ይበል።