ሞት የሚባል ጣዖት፦ የኡጋሪት ሰሌዳዎችና የነቢያት ቃል

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።

ይህን የምጽፍላችሁ ባለፈው ዓመት ለአንድ ወንድም የሰጠሁት መልስ ስሕተት ስለ ነበረ ነው። ወንድማችን ከእኔ ጋር በአንድ ዩኒቨርሲቲ ይማራል፤ በመዝሙር ክፍልም ያገለግላል። አንድ ምሽት ከጉባኤ ስንወጣ ስልኩን አውጥቶ አንድ ቪዲዮ አሳየኝ። ተናጋሪው «ኡጋሪት በምትባል ከተማ የተገኙ ጽሑፎች መዝሙረ ዳዊት ከበኣል መዝሙር የተቀዳ መሆኑን አረጋግጠዋል» ይላል። «ዲያቆን፣ ይህ እውነት ነው?» አለኝ። ስለ ኡጋሪት ከስሟ በቀር የማውቀው አልነበረምና «እንዲህ ያለውን አትመልከት፤ እምነትህን ያጠፋብሃል» አልሁት። ስልኩን ወደ ኪሱ መለሰ። ከዚያ በኋላ ለአምስት ሳምንታት በመዝሙር ጥናት ላይ አላየሁትም።

አለማወቄን በተግሣጽ መሸፈኔ የገባኝ ዘግይቶ ነው። ማንበብ የጀመርሁትም ያን ጊዜ ነው።

ኡጋሪት በሶርያ የባሕር ዳርቻ፣ ከላታኪያ በስተ ሰሜን፣ ዛሬ ራስ ሻምራ በሚባለው ጉብታ ሥር ተቀብራ የኖረች ከተማ ናት። እ.ኤ.አ. በ1928 በአቅራቢያዋ ባለ የወደብ ስፍራ አንድ ገበሬ ሲያርስ ማረሻው የጥንት መቃብር ድንጋይ መታ። በማግሥቱ ዓመት በፈረንሳዊው ክሎድ ሼፈር መሪነት ቍፋሮ ተጀመረና በሽብልቅ መሰል ምልክቶች የተጻፉ የሸክላ ሰሌዳዎች ወጡ። ምልክቶቹ 30 ብቻ ስለሆኑ ፊደል መሆናቸው ወዲያው ተጠረጠረ፤ በ1930ም ምሥጢራቸው ተፈታ። ቋንቋው የዕብራይስጥ የቅርብ ዘመድ፣ የግእዛችንም ዘመድ ነው። ከተማዪቱ የጠፋችው በ1185 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ገደማ ነው፤ ይህም ከነቢዩ ኢሳይያስ ዘመን ከ400 ዓመት በላይ ይቀድማል።

እዚህ ላይ ጥቂት ከመንገዴ ልውጣ። ከኡጋሪት ሰሌዳዎች አብዛኞቹ ፊደላቸውን በአ፣ በ፣ ገ ተራ ይቈጥራሉ። በ1988 እ.ኤ.አ. የተገኘ አንድ ሰሌዳ ግን በሀ፣ ለ፣ ሐ፣ መ ይጀምራል። እኛ በልጅነታችን በዜማ የቈጠርነው ተራ ነው! ሃሌታው ሀ፣ ሐመሩ ሐ እና ብዙኃኑ ኀ በዕብራይስጥ ፊደል ሁለት ብቻ ሆነው ሲቀሩ፣ በኡጋሪት እንደ እኛው ሦስት ናቸው። የፊደሉን ተራ ከአበገደ ወደ ሀለሐመ የለወጠው አባ ሰላማ ነው ሲባል እሰማ ነበር፤ ሰሌዳው ግን ከአባ ሰላማ በ1,500 ዓመት ይበልጣል። መጀመሪያ ትንሽ ከፋኝ። በኋላ ግን የአባ ሰላማ ክብር ወንጌልን ማምጣቱ እንጂ የፊደል ተራ አለመሆኑን ሳስብ፣ የጎደለብኝ ነገር እንደሌለ አየሁ።

ወደ ወንድሜ ጥያቄ እንመለስ። ከሰሌዳዎቹ ዋናዎቹ ስድስቱ የበኣልን ታሪክ ይናገራሉ። በኣል የነጐድጓድና የዝናም አምላክ ነው ይባላል። ስሙ ጌታ፣ ባለቤት ማለት ሲሆን፣ «ባል» እና «ባለ» የምንላቸው ቃላት ዘመዶቹ ናቸው። በኣል ባሕርን ድል አድርጎ ቤት ይሠራል። ነገር ግን አንድ ጠላት ይቀረዋል፤ የጠላቱም ስም ሞት ነው። ይህ የእኔ ትርጕም አይደለም፤ ሰሌዳው ላይ የተጻፈው ስም እኛ ዛሬ የምንናገረው ያው ቃል ነው። ሞት አፉን ከምድር እስከ ሰማይ ከፍቶ በኣልን ይውጣል። ዝናም ይቋረጣል። ኤል የተባለው የአማልክቱ አባት ከዙፋኑ ወርዶ ትቢያ ላይ ይቀመጣል፤ በራሱም ላይ ዐፈር ይነሰንሳል። ዐናት የተባለችው ሞትን ቈራርጣ እንደ እህል ትፈጨዋለች፤ በኣልም ይመለሳል። ከሰባት ዓመት በኋላ ግን ሞት ደግሞ ይመጣል፤ ሁለቱ ይታገላሉ፣ ሁለቱም ይወድቃሉ። ሞት የሚያፈገፍገው ተገሥጾ ነው እንጂ ጠፍቶ አይደለም። የኡጋሪት ሰው እንዲህ ያምን ነበር፤ ሞትን የሚያስታግሥ ይኖራል፣ የሚያጠፋው ግን የለም።

አሁን ኢሳይያስ ምዕራፍ 25 ቍጥር 8ን በዕብራይስጡ ንባብ አስቡት። በዚያ የሚውጠው ሞት አይደለም፤ የሚዋጠው ሞት ነው፤ የሚውጠውም እግዚአብሔር ነው፤ መዋጡም ለዘለዓለም ነው። የነቢዩ አድማጮች የጎረቤቶቻቸውን ተረት የሚያውቁ ከነበሩ፣ ይህ ቃል ምን ያህል እንዳስደነገጣቸው ገምቱ። ቅዱስ ጳውሎስ ስለ ትንሣኤ ሲጽፍ በ1ኛ ቆሮንቶስ 15 ያነሣው ይህንኑ ቃል ነው። በትንሣኤ ሌሊት ቆመን የምንዘምረውም ይህንኑ ድል ነው። ቀድቷል የሚል ሰው ይህን መገልበጥ ሊያስረዳን ይገባል።

«አንዳች ግንኙነት የለም» የሚሉትም ከኢሳይያስ 27 ቍጥር 1 ሊሸሹ አይችሉም። በዚያ ስለ ሌዋታን የተነገሩት ሁለት ቅጽሎች፣ ሸሺና ጠምዛዛ የሚሉት፣ በኡጋሪት ሰሌዳ ስለዚያው እባብ ተጽፈው ይገኛሉ። ነቢዩ የአገሩን ቋንቋ ተናግሯል። ነገር ግን በመዝሙር 103 ይኸው አስፈሪ አውሬ በባሕር ውስጥ እንዲጫወት የተፈጠረ ፍጥረት ሆኖ ታያላችሁ። የአማልክት ባላንጣ የነበረው የእግዚአብሔር እጅ ሥራ ሆኗል።

ቪዲዮው የጠቀሰው መዝሙር 28 (በዕብራይስጡ 29) ነው። ጊንዝበርግ የተባለ ሊቅ በ1935 ይህ መዝሙር የበኣል መዝሙር መልክ እንዳለው ጽፏል፤ ግምቱ ከንቱ አይደለም። ነጐድጓዱ፣ የሊባኖስ ዝግባ፣ የውኃው ድምፅ ሁሉ የበኣል ግዛት ናቸው። ግን በዕብራይስጡ በ11 ቍጥሮች ውስጥ የእግዚአብሔር ስም 18 ጊዜ፣ ድምፁም ሰባት ጊዜ ይጠራል፤ በኣል አንድ ጊዜ እንኳ አይጠራም። ኤልያስ በቀርሜሎስ ያደረገው ከዚህ የተለየ አይደለም። ዝናም ሰጪ ነው የተባለውን ጣዖት በዝናም ጉዳይ፣ በራሱ ሜዳ ላይ ነው የገጠመው።

የእኛንም ወገን ጥፋት ልናገር። ከአፈር የወጣውን ሁሉ «መጽሐፍ ቅዱስ በሳይንስ ተረጋገጠ» እያልን የምንሮጥ አለን። ጠቦትን በእናቱ ወተት መቀቀል የሚከለክለው የዘፀአት 23 ሕግ የከነዓናውያንን ሥርዓት ለመቃወም መሆኑ በአንድ የኡጋሪት ሰሌዳ ተገኘ ተብሎ ለብዙ ዓመታት ተሰብኳል። ሰሌዳው በዚያ ስፍራ የተጎዳ ነበር፤ ንባቡ የተሟላው በግምት ነው፤ በኋላም ሰሌዳው እንደ ገና ሲታይ ብዙዎቹ ሊቃውንት ያን ንባብ ትተውታል። በእንዲህ ያለ ምርኩዝ ላይ የተደገፈ ወጣት፣ ምርኩዙ ሲሰበር ምን እንዲሆን እንጠብቃለን?

ታላቁ ቅዱስ ባስልዮስ የአረማውያንን መጻሕፍት ስለ ማንበብ ለወጣቶች ሲመክር አታንብቡ አላለም፤ እንደ ንብ ሁኑ ነው ያለው፤ የሚጠቅመውን ወስዳ ሌላውን ትተዋለችና። እኔ ግን ወንድሜን ከአበባው ሁሉ ከለከልሁት።

በስድስተኛው ሳምንት ወደ መኝታ ክፍሉ ሄጄ ይቅርታ ጠየቅሁት፤ የሞትንም ታሪክ አብረን አነበብን። ዝም ብሎ ከሰማኝ በኋላ «ይህን ያን ቀን ብትነግረኝ ኖሮ» አለ። አላውቀውም ነበር አልሁት። አሁን ወደ መዝሙር ጥናቱ ተመልሷል፤ ጥያቄው ግን አላለቀም። በመጪው እሑድ ዘዳግም 32 ቍጥር 8ን በሁለት ትርጕም ይዞ እንደሚመጣ ነግሮኛል፤ እኔም ከዛሬ ጀምሮ እየተዘጋጀሁ ነው።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።