ፍላክ ከጩኸት አያስጥልም

«ካሊፎርኒኬሽንን በኤምፒ3 ከሰማኸው አልሰማኸውም!» ይለኛል አንድ ወዳጄ። የሬድ ሆት ቺሊ ፔፐርስን አልበም በፍላክ አውርዶ፣ የኢንተርኔት ፓኬጁን አሟጦ፣ እኛን የኤምፒ3 ጭሰኞች ቁልቁል ያየናል።

እውነቱን እንነጋገር። የሲዲ ድምፅ በሴኮንድ 1,411 ኪሎቢት ነው፤ በ128 የታመቀ ኤምፒ3 ብዙ ነገር እንደሚያራግፍ አልክድም። ፍላክ ግን ፋይሉን ሲያሳንስ አንዲት ቢት እንኳ አይጥልም። ጎሽ! ነገር ግን ወዳጄ፣ ፍላክ የተሰጠውን ነው የሚጠብቀው፤ ያልተሰጠውን ከየት ያመጣል?

ይህ አልበም በ1999 እ.ኤ.አ. ሲወጣ ድምፁ ከልክ በላይ ከፍ ተደርጎ ነው የወጣው። ሲዲ የሚይዘው ከፍታ ወሰን አለው፤ ከዚያ በላይ የተገፋ ሞገድ አናቱ ይቆረጣል፣ ድምፁም ይሻክራል። አድማጮች «ማስተሪንጉ እንደገና ይሠራልን» ብለው ፊርማ እስከ ማሰባሰብ ደርሰዋል። ፍላክ ታዲያ ምን ይፈይዳል? ያንኑ ሻካራ ድምፅ ሳያጓድል፣ በታማኝነት ያደርስልሃል! የአህያ ባል ከጅብ አያስጥልም።

የሚያናድደኝ አልበሙ ግሩም መሆኑ ነው። ጆን ፍሩሻንቴ ወደ ባንዱ ከተመለሰ በኋላ የመጀመሪያው ሥራ ነው፤ የጊታሩም ውበት ቁጥብነቱ፣ በኖታዎቹ መካከል የሚተወው ዝምታ ነው። ሁሉም ነገር እኩል ሲጮህ ያ ዝምታ የት ይግባ?

እንግዲህ ሙግታችን ድምፁን ከጨፈለቁት ጋር ይሁን። በ128 የሚያዳምጠውን ምስኪን ተዉት፤ ዘፈኑን ወዶታል።