የሆቢቶቹ ጳጉሜ

በየዓመቱ ጸደይ ሲገባ በካናዳዋ ካልጋሪ ከተማ፣ በቤልትላይን ሠፈር ምሥራቃዊ ጫፍ፣ በስታምፒድ ፓርክ ዙሪያ ያሉት ጎዳናዎች በእንግዳ ሕዝብ ይሞላሉ። ካባ የደረበ፣ የካርቶን ሰይፍ የታጠቀ፣ ጆሮውን በላስቲክ ያሾለ ወጣት ሁሉ ወደ ካልጋሪ ኤክስፖ ይጎርፋል። በዓሉ የምናብ ዓለማት ወዳጆች መሰባሰቢያ ነው።

እንዲህ ያሉ ዓለማትን ከፈጠሩ ደራስያን መካከል በጥንቃቄው ስሙ የሚነሣው እንግሊዛዊው ጄ. አር. አር. ቶልኪን ነው። «ዘ ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስ» የተሰኘው ሥራው ሦስተኛ ቅጽ እ.ኤ.አ. በ1955 ሲታተም፣ ሆቢት የተባሉት ድንክ ገጸ ባሕርያት የሚገለገሉበት የዘመን አቆጣጠር በአባሪው ውስጥ ሰፍሮ ነበር። ዓመቱ 12 ወሮች አሉት፤ እያንዳንዱ ወር 30 ቀን ነው። የተረፉት 5 ቀናት ከየትኛውም ወር አይቆጠሩም፤ ሁለቱ አሮጌው ዓመት ከአዲሱ በሚገናኝበት፣ ሦስቱ በዓመቱ እኩሌታ ላይ ይውላሉ። በአራት ዓመት አንድ ጊዜም ስድስተኛ ቀን ይታከላል።

ይህን ያነበበ ኢትዮጵያዊ ፈገግ ማለቱ አይቀርም። ነገሩ ጳጉሜን ለሁለት ከፍሎ ማስቀመጥ ነውና። ሌላው አንባቢ እንደ ድንቅ ፈጠራ የሚያየው ሥርዓት፣ በኢትዮጵያ ምድር የቤት ኪራይ የሚከፈልበት፣ ልጅ ክርስትና የሚነሣበት፣ የፍርድ ቤት ቀጠሮ የሚሰጥበት የዘወትር መሣሪያ ነው። የሚያሳዝነው ይህ ሕያው መሣሪያ በገዛ ባለቤቶቹ እጅ፣ በተለይም ከአገር ውጭ፣ ቀስ በቀስ ወደ ልብ ወለድነት እየተለወጠ መሆኑ ነው።

እርግጥ ነው፣ የትኛውም የዘመን አቆጣጠር በመጀመሪያ የሰው ፈጠራ ነበር። የጥንት ግብፃውያን 12ቱን ባለ 30 ቀን ወሮችና 5ቱን ትርፍ ቀናት ሲደነግጉ የቀረችውን ሩብ ቀን ትተዋት ስለ ነበር፣ በዓላቱ ከወቅታቸው እየሸሹ ሄዱ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ238 ዓመት፣ በንጉሥ ጰጥሊሞስ ሣልሳዊ ዘመን፣ በካኖፐስ የተሰበሰቡ ካህናት በየአራት ዓመቱ ስድስተኛ ቀን እንዲጨመር ወሰኑ። ውሳኔያቸው በድንጋይ ላይ ተቀረጸ፤ ሕዝቡ ግን አልተቀበለውም። ተግባራዊ የሆነው ከሁለት መቶ ዓመታት በኋላ፣ ግብፅ በሮም እጅ ከወደቀች ወዲህ ነው። የቅብጦችም ሆነ የኢትዮጵያ አቆጣጠር ከዚያ ይወረሳል። ስለዚህ «በዓለም ላይ አምሳያ የሌለው» የሚለው ፉከራ ከታሪክ ጋር አይስማማም፤ ቅብጦቹ ዛሬም በአንድ ቀን፣ በእኛ መስከረም 1፣ አዲስ ዓመታቸውን ያከብራሉ።

ሩብ ቀኗን የረሳ ይሸሻል፤ ሳምንቱን የነካ ደግሞ ይጣላል። የፈረንሳይ አብዮተኞች እ.ኤ.አ. በ1793 ያወጡት አቆጣጠርም 12 ጊዜ 30 ቀንና 5 ወይም 6 ትርፍ ቀናት ነበረው፤ ነገር ግን ሰባቱን ቀን በአሥር ተክቶ ነበርና ከ1806 መጀመሪያ አላለፈም። በኋላ ወደ ካናዳ የተሻገረው እንግሊዛዊ የባቡር ድርጅት ባለሙያ ሞሰስ ኮትስዎርዝ ደግሞ በ1902 ባለ 28 ቀን 13 ወሮች አቀረበ። የተረፈችው አንዲት ቀን የሳምንት ስም አልነበራትም፤ የሃይማኖት ሰዎች ሰንበትን የምታፋልስ ብለው ተቃወሟት። ኮዳክ ኩባንያ ከ1928 እስከ 1989 ለውስጥ ሥራው ተጠቀመበት እንጂ ዓለም አልተቀበለውም። ቶልኪንም በመጽሐፉ አንዲቱን ቀን ከሳምንት ውጭ አድርጓታል፤ ሆቢቶች ግን ቅሬታ የሚያቀርብ ካህን የላቸውም። ጳጉሜ ቀናቷን ከሳምንቱ ሳታወጣ፣ ሰኞን ሰኞ፣ እሑድን እሑድ እያለች ታልፋለች። ዕድሜዋ የረዘመበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው።

ቤልትላይን ራሱ ስለ ጊዜ ስምምነት የሚናገር ሠፈር ነው። በሰሜን የሚያዋስነው የካናዲያን ፓስፊክ የባቡር ሐዲድ ካልጋሪ የደረሰው እ.ኤ.አ. በኦገስት 1883 ነበር። በዚያው ዓመት ኖቬምበር 18 ቀን የሰሜን አሜሪካ ባቡሮች፣ ካናዳዊው መሐንዲስ ሳንድፎርድ ፍሌሚንግ አጥብቆ ሲሟገትለት በነበረው የጊዜ ክልል ሥርዓት መሥራት ጀመሩ። ከዚያ በፊት እያንዳንዱ ከተማ ሰዓቱን የሚያስተካክለው በራሱ ፀሐይ ነበር። ጭቅጭቁ ግን እስከ ዛሬ አላበቃም፤ በ2021 የአልበርታ ሕዝብ በበጋው ሰዓት ለመጽናት ድምፅ ሰጥቶ ሐሳቡ ለጥቂት ወድቋል። በዲሴምበር የኢትዮጵያን ሰዓት የሚቆጥር ስደተኛም «ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት» ሲል ውጭው ገና ጨለማ ነው። ከምድር ወገብ አጠገብ የተወለደ ሰዓት በ51 ዲግሪ ሰሜን ላይ ይቸገራል።

ሰዓቱ ቢቸገርም ወሩና ቀኑ አይቸገሩም። የሚቸገሩት ስሌቱን ያላስተማሩት ወላጆችና ያልተማሩት ልጆች ናቸው። በዕንቁጣጣሽ ዕለት ልጆች የሐበሻ ልብስ ለብሰው ፎቶ ይነሣሉ፤ «ሰባት ዓመት ወጣት ነን» የሚለው ቀልድም ይደገማል። ልዩነቱ ግን የወጣትነት ጉዳይ ሳይሆን፣ የእስክንድርያው መነኩሴ አንያኖስና የሮሙ ዲዮናስዮስ የክርስቶስን ልደት በተለያየ ዓመት ላይ ያስቀመጡበት የሒሳብ ልዩነት መሆኑን የሚነግራቸው የለም።

ስሌቱን አለማወቅ ከቀልድ ያለፈ ዋጋ አለው። መስከረም 5 ቀን 1988 ዓ.ም. የተወለደ ሰው ፈረንጅኛ ልደቱ ሴፕቴምበር 16 ቀን 1995 ነው። «መስከረም 1 ሁልጊዜ ሴፕቴምበር 11 ነው» ብሎ የሚያስብ ግን 15 ብሎ ይጽፍለታል፤ ያለፈው 1987 ዘመነ ሉቃስ እንደ ነበረና ጳጉሜ 6 እንደ ሆነች ዘንግቷልና። በፓስፖርትና በልደት ምስክር ወረቀት መካከል የተፈጠረች የአንድ ቀን ልዩነት ደግሞ ለኢሚግሬሽን መኮንን ቀልድ አይደለችም።

የዓድዋም ቀን እንዲሁ ነው። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ማርች 1 ቀን 1896 ላይ ዋለ፤ ዛሬ የካቲት 23 የሚውለው ማርች 2 ላይ ነው። የጎርጎርዮስ አቆጣጠር በ1900 አንዲት ቀን ስለ ዘለለ፣ ሁለቱንም ቀን የሚጽፉት ትክክል ናቸው። በየዓመቱ በፌስቡክ የሚደረገው ስድድብ በሁለት መስመር ሒሳብ ያልቅ ነበር። ያችው ልዩነት የኢትዮጵያን አቆጣጠር ጉድለትም ታሳያለች፤ ሩብ ቀኗ ከእውነተኛው የፀሐይ ዓመት ጥቂት ስለምትበልጥ በ128 ዓመት ገደማ አንድ ቀን ትሸሻለች። ይህን ለልጅ መደበቅ አያስፈልግም፤ እንዲያውም ሥርዓቱ ተረት አለመሆኑን የሚያሳምነው ይህ ነው።

በቤልትላይን መካከል፣ እ.ኤ.አ. በ1912 የተከፈተውና የአልበርታ የመጀመሪያው የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት የሆነው የሜሞሪያል ፓርክ ሕንፃ አለ። የሆቢቶችን አቆጣጠር በቃሉ የሚያውቅ ታዳጊ እዚያ ተቀምጦ አበቅቴና መጥቅዕን ቢያሰላ አይከብደውም። ለ2018 ዓ.ም. 5500 ይደምራል፤ 7518 ያገኛል። ለ19 ሲያካፍለው 13 ይተርፋል፤ አንዱን ሲቀንስ ወንበሩ 12 ይሆናል። 12 በ11 ተባዝቶ ለ30 ሲካፈል ቀሪው 12 አበቅቴ ነው፤ 12 በ19 ተባዝቶ ለ30 ሲካፈል ቀሪው 18 መጥቅዕ ነው። ሁለቱ ሲደመሩ 30 ይሞላሉ። ከዚህ ተነሥቶ ፋሲካ ኤፕሪል 12 ቀን 2026 ላይ እንደሚውል ማንንም ሳይጠይቅ ይደርስበታል።

የበዓል አዳራሽ የሚከራዩ ኮሚቴዎችም ከወዲሁ ቢያሰሉ ይጠቅማቸዋል። 2019 ዓ.ም. ዘመነ ሉቃስ ነው፤ ጳጉሜ 6 ትሆናለች፤ የ2020 ዕንቁጣጣሽም ቅዳሜ ሴፕቴምበር 11 ሳይሆን እሑድ ሴፕቴምበር 12 ቀን 2027 ይውላል።